የሠላሳ ዓመቱ ዋጋ

ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ፣ ቅዳሜ ከሰዓት። አዲስ የተገዛው ታውንሃውስ ሳሎን በሰው ጢም ብሏል። ቄሱ ጠበል ረጭተዋል፤ ዳቦው ተባርኮ ተቆርሷል፤ ቡናው ቶና ላይ ደርሷል። ባለቤቶቹ አንድ መኝታ ቤት ባለው አፓርታማ ከሁለት ልጆች ጋር ለዓመታት የኖሩ ባልና ሚስት ናቸው። እሷ በአረጋውያን መንከባከቢያ ትሠራለች፤ እሱ ቀን የመኪና ማቆሚያ ይቆጣጠራል፣ ማታ ኡበር ይነዳል። እንግዳው ሁሉ ደረጃውን ወጥቶ፣ ክፍሎቹን አይቶ፣ ቤዝመንቱ የብቻው በር እንዳለው አረጋግጦ ሲመለስ አንድ ጥያቄ መምጣቱ አይቀርም። «እንኳን ደስ ያላችሁ! የደስታ ቤት ያድርግላችሁ። ለመሆኑ በወር ስንት ነው የምትከፍሉት?»

ባልየው ቁጥሩን ይናገራል። ጠያቂው ከራሱ ኪራይ ጋር በልቡ ያስተያይና «ከኪራይ እኮ ብዙም አይበልጥም!» ይላል። ጨዋታው ወደ ልጆቹ ትምህርት ቤትና ወደ ሰፈሩ ያልፋል።

በዚህ አካባቢ ብዙ የቤት ምርቃት ላይ ተገኝቻለሁ። «ሁሉም ሲደመር ስንት ሊሆን ነው?» ብሎ የጠየቀ ሰው ግን ገጥሞኝ አያውቅም። ይሉኝታ ይዞት ነው እንዳልል፣ የወሩን ለመጠየቅ ያላፈረ ሰው ድምሩን ለመጠየቅ አያፍርም። ቤት አሻሻጩም፣ አበዳሪውም፣ ማስታወቂያውም የሚያወሩት ስለ ወር ክፍያ ስለሆነ እኛም በወር ማሰብ ለምደን ነው። ድምሩ ግን አልተደበቀም። ባልና ሚስቱ የፈረሙት ሰነድ አምስተኛ ገጽ ላይ ታትሟል።

አሜሪካ ውስጥ በብድር ቤት የሚገዛ ሰው ከፊርማው ቀን ቢያንስ 3 የሥራ ቀናት አስቀድሞ ክሎዚንግ ዲስክሎዠር የሚባል ባለ 5 ገጽ ሰነድ ሊደርሰው ይገባል። አበዳሪዎች የብድርን እውነተኛ ዋጋ እንዲገልጹ የሚያስገድደው ሕግ የወጣው በ1968 ነው (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። የዛሬው ሰነድ የአሁኑን መልክ የያዘው ደግሞ የ2008ቱን የቤት ብድር ቀውስ ተከትሎ በመጣው ሕግ መሠረት፣ ከጥቅምት 2015 ጀምሮ ነው። አምስተኛው ገጽ አናት ላይ ጥቂት ቁጥሮች ተደርድረዋል። የመጀመሪያው በብድሩ ዘመን ሁሉ የሚከፈለው ጠቅላላ ገንዘብ ነው። የመጨረሻው ወለዱ ከተበደሩት ገንዘብ ጋር ሲነጻጸር ስንት በመቶ እንደሚሆን ይናገራል።

አንድ እውነተኛ ብድር እንውሰድ። 500 ሺህ ዶላር የሚያወጣ ታውንሃውስ፤ 100 ሺህ ዳውን ፔይመንት (ቅድሚያ ክፍያ)፤ ቀሪው 400 ሺህ በ6.5 በመቶ ቋሚ ወለድ ለ30 ዓመት። ታክስና ኢንሹራንስ ሳይጨመር የወር ክፍያው 2,528 ዶላር ነው። በ360 ወር ሲባዛ 910 ሺህ ዶላር ይደርሳል። 400 ሺህ ለተበደረ ሰው ወለዱ ብቻ 510 ሺህ ሆነ ማለት ነው። በአምስተኛው ገጽ ላይ ያ የመጨረሻ ቁጥር ከ127 በመቶ በላይ ሆኖ ይነበባል።

በመጀመሪያው ወር ከሚከፈለው 2,528 ዶላር ውስጥ 2,167 ያህሉ ወለድ ነው። ዕዳውን የሚቀንሰው 361 ዶላር ከሳንቲም ብቻ ነው። ይህ የማንም ተንኮል አይደለም። ወለድ የሚሰላው ገና ባልተከፈለው ዕዳ ላይ ስለሆነ፣ ዕዳው ትልቅ ሲሆን የወር ክፍያውን አብዛኛውን ወለዱ ይበላዋል፤ ዕዳው እየሳሳ ሲሄድ የዋናው ድርሻ እያደገ ይመጣል። እድገቱ ግን አዝጋሚ ነው። 5 ዓመት ሙሉ አንድም ወር ሳይዛነፍ 151 ሺህ 700 ዶላር የከፈለ ሰው ከዕዳው የቀነሰው 25 ሺህ 600 ያህል ብቻ ሲሆን፣ ገና 374 ሺህ 400 ይቀርበታል። በ10ኛው ዓመት 339 ሺህ ይቀራል። ከወር ክፍያው ውስጥ ዋናው ከወለዱ የሚበልጥበት ወር የሚመጣው በ20ኛው ዓመት ውስጥ ነው። ዕዳው በግማሽ ለመጉደል 21 ዓመት ከ5 ወር ይፈልጋል።

የአምስት ዓመቱን ስሌት ተበዳሪው ራሱ መሥራት አያስፈልገውም። ማመልከቻ ባስገባ በ3 የሥራ ቀናት ውስጥ የሚላክለት ሎን ኤስቲሜት የሚባለው ባለ 3 ገጽ ሰነድ፣ በሦስተኛው ገጹ ላይ «በ5 ዓመት ውስጥ» ምን ያህል ተከፍሎ ምን ያህሉ ከዋናው እንደሚቀነስ በዶላር ጽፎ ያሳያል። ሁለት አበዳሪዎችን ለማወዳደር ከዚህ የተሻለ ቦታ አላውቅም። አንዱ ዝቅ ያለ ወለድ እያስተዋወቀ የአገልግሎት ክፍያውን ከፍ ቢያደርግ እዚያች መስመር ላይ ይታያል።

እኛ ያደግንበት ዕቁብ ጊዜን በዋጋ አይተምንም። ዕጣው በመጀመሪያው ወር የወጣለትም በመጨረሻው የወጣለትም የሚያዋጡት እኩል ነው። ጭንቅ የገጠመው ቀድሞ እንዲወስድ ይፈቀድለታል። ዕጣውን በቅናሽ የሚሸጥ ባይጠፋም ሥርዓቱ የቆመው በእኩል መዋጮ ላይ ነው። እዚህም አገር ብዙ ዳውን ፔይመንት የተጠራቀመው በዕቁብ ነው። አበዳሪው የሁለት ወር የባንክ ስቴትመንት ሲመለከት ድንገት የገባውን 20 ሺህ ዶላር ከየት መጣ ብሎ ስለሚጠይቅ፣ ዕቁብ የሚጥል ሰው በየወሩ የከፈለበትን ማስረጃና የጸሐፊውን መዝገብ ቅጂ አስቀድሞ ቢያዘጋጅ ከብዙ መጉላላት ይድናል። የመጠየቂያው ሰዓት ሲደርስ የዕቁቡን ሰብሳቢ በስልክ ሲያሳድዱ የከረሙ ሰዎችን አይቻለሁ።

ከዕቁብ ወደ ሞርጌጅ የሚሻገር ሰው ግን ጊዜ ራሱ ዋጋ ያለው ዓለም ውስጥ ገብቷል። ከላይ ባሰላነው ብድር 400 ሺሁ ቤቱን ይገዛል፤ 510 ሺሁ ሠላሳውን ዓመት ይገዛል። ሰው የቤቱን ዋጋ 5 ሺህ ዶላር ለማስቀነስ ሳምንት ሙሉ ይከራከራል። የሠላሳውን ዓመት ዋጋ ግን የሚከራከርበት ነገር መሆኑን እንኳ ሳያውቅ ይፈርማል። እኔን የሚያሳስበኝ ይህ ነው። ይህን ገንዘብ የሚከፍሉት ሁለት ሥራ ይዘው፣ እንቅልፋቸውን ቆርጠው የሚኖሩ ሰዎች ናቸው።

የ30 ዓመቱን ብድር ግን በክፉ ዓይን ብቻ ማየት ታሪኩን መዘንጋት ነው። ከ1930ዎቹ በፊት አሜሪካዊ ቤት ገዢ የሚያገኘው ብድር በአብዛኛው ከ5 ዓመት የማያልፍ፣ የቤቱን ዋጋ ግማሽ ያህል ብቻ የሚሸፍን ነበር። በየጊዜው ወለዱን ይከፍልና ቀኑ ሲደርስ ወይ ዋናውን ባንዴ ማምጣት፣ ወይ ብድሩን ማሳደስ ነበረበት። ታላቁ የኢኮኖሚ ድቀት ሲመጣ ባንኮች ማደስ አቆሙ፤ ቤተሰቦች ሜዳ ላይ ቀሩ። የፍራንክሊን ሩዝቬልት መንግሥት በ1933 ቤታቸውን ሊያጡ የደረሱትን ብድር የሚረከብ መሥሪያ ቤት አቋቋመ፤ በ1934 ደግሞ ብድር የሚያስተማምነውን ኤፍኤችኤን። ረጅም ዘመን ያለው፣ ወለዱና ዋናው አንድ ላይ በእኩል የወር ክፍያ የሚያልቅ ብድር የተስፋፋው ከዚያ ወዲህ ነው። ዛሬም ወለዱ ለ30 ዓመት የማይነቃነቅ ብድር በብዙ አገር አይገኝም። ካናዳ ውስጥ ብዙውን ጊዜ ወለዱ የሚጸናው ለ5 ዓመት፣ እንግሊዝ ውስጥ ለ2 ወይም ለ5 ዓመት ነው።

ስለዚህ ትልቁ ጥያቄ ያ የማይነቃነቅ ወለድ የቱ ላይ እንደተያዘ ነው። የቤት ብድሮችን ከአበዳሪዎች የሚገዛው ድርጅት ፍሬዲ ማክ በየሳምንቱ የሚያወጣው የ30 ዓመት ብድር አማካይ ወለድ በጥር 2021 መጀመሪያ 2.65 በመቶ ድረስ ወርዶ ነበር። ሦስት ዓመት ሳይሞላ፣ በጥቅምት 2023 መጨረሻ፣ 7.79 ገባ። ያው 400 ሺህ ዶላር በ2.65 ቢወሰድ የወሩ 1,612፣ የ30 ዓመቱ ወለድ 180 ሺህ ነው። በ7.79 ሲሆን የወሩ 2,877፣ ወለዱ 636 ሺህ ይሆናል። ተመሳሳይ ቤት፣ ተመሳሳይ ጎዳና፣ ተመሳሳይ ደመወዝ ይዘው በሦስት ዓመት ልዩነት በፈረሙ ሁለት ጎረቤታሞች መካከል ያለው ልዩነት ሌላ ቤት ይገዛል። ወለዱን ለማስቀነስ «ፖይንት» የሚገዙም አሉ። የብድሩን 1 በመቶ፣ እዚህ 4 ሺህ ዶላር፣ በቅድሚያ ከፍለው ወለዱ ሩብ በመቶ ቢወርድላቸው በወር 65 ዶላር ያተርፋሉ። የከፈሉት ገንዘብ ተመልሶ የሚገባው ከ5 ዓመት በኋላ ስለሆነ፣ ቶሎ ሊሸጥ ወይም ሪፋይናንስ ሊያደርግ፣ ማለትም ብድሩን በአዲስ ብድር ሊተካ ላሰበ ሰው ኪሳራ ነው።

እስካሁን የቆጠርነው ብድሩን ብቻ ነው። ከ20 በመቶ በታች ዳውን ፔይመንት የሚያመጣ ሰው ፒኤምአይ የሚባል ኢንሹራንስ ይጨመርበታል። የሚከፍለው ተበዳሪው ነው፤ ቤቱ ቢወረስ ካሳውን የሚቀበለው ግን አበዳሪው ነው። በ1998 በወጣ ሕግ መሠረት ዕዳው ከቤቱ የመጀመሪያ ዋጋ 80 በመቶ ላይ ሲደርስ ተበዳሪው በጽሑፍ ጠይቆ ማስነሳት ይችላል። ካልጠየቀ በ78 በመቶ ላይ በራሱ ይነሳል። በ80 እና በ78 መካከል ሳይጠይቁ ወራት የሚከፍሉ ሰዎች አሉ፤ አንድ ደብዳቤ የሚያስቀርላቸውን ገንዘብ።

የኤፍኤችኤ ብድር ከዚህ ይለያል። 3.5 በመቶ ብቻ ይዞ የሚመጣን ሰው ስለሚቀበል ለአዲስ መጤ በር ከፋች ነው፤ ብዙዎቻችን የገባነው በዚያ በር ነው። ነገር ግን ከብድሩ 1.75 በመቶ በቅድሚያ ይታሰባል፤ ያንንም አብዛኛው ሰው ብድሩ ላይ ስለሚያስጨምረው ወለድ ይታሰብበታል። በየዓመቱ የሚከፈለው ኢንሹራንስ ደግሞ ከ10 በመቶ በታች ዳውን ላመጣ ሰው እስከ ብድሩ መጨረሻ አይነሳም። መውጫው ዕዳው ሲቀንስና ክሬዲት ሲጠነክር ወደ ተራው ብድር ሪፋይናንስ ማድረግ ነው። ይህን ሳያውቅ ለዓመታት የሚከፍል ሰው ባየሁ ቁጥር ያንገበግበኛል።

የቤት ታክሱ አለ። ሜሪላንድ ውስጥ በዓመት ከቤቱ ዋጋ 1 በመቶ ገደማ ብንወስድ ለ500 ሺህ ዶላር ቤት 5 ሺህ ነው። ምንም ሳይጨምር በ30 ዓመት 150 ሺህ ይሆናል፤ እንደማይጨምር የሚያምን ግን የለም። ታክሱና የቤት ኢንሹራንሱ ኤስክሮ በሚባለው ማጠራቀሚያ ሂሳብ በኩል ከወሩ ክፍያ ጋር ስለሚሰበሰቡ፣ «ቋሚ ወለድ ነው» የተባለው ሰው በሁለተኛው ዓመት የወር ክፍያው ጨምሮ ሲመጣ ይደነግጣል። ቋሚ የሆነው ወለዱና ዋናው ብቻ ነው። ታውንሃውስ ከሆነ የማኅበሩ መዋጮ፣ ኤችኦኤ የሚሉት፣ ይከተላል፤ ብድሩ ካለቀ በኋላም አይቀርም። ጣሪያው ከ20 እስከ 25 ዓመት ባለው ጊዜ ይለወጣል፤ የውኃ ማሞቂያው ከ10 እስከ 12 ዓመት ባለው። ተከራይ ሆነው የኖሩ ሰዎች እነዚህን ወጪዎች አይተዋቸው ስለማያውቁ የሚቆጥቡላቸውም ጥቂቶች ናቸው።

«ወለዱማ ታክስ ላይ ይመለስላችኋል» የሚለው ምክርም ሊመረመር ይገባዋል። ከ2018 ጀምሮ ማንም የሚያገኘው ቋሚ ተቀናሽ በእጥፍ ገደማ አድጓል። በ2024 ለባልና ሚስት 29,200 ዶላር ነበር። የምሳሌያችን ብድር የመጀመሪያ ዓመት ወለድ 25,900 ገደማ ነው። ሌሎች ተቀናሾች ተደምረውበት ከቋሚው ካለፈ፣ ጥቅም የሚሰጠው ያለፈው ትርፍ ብቻ ነው፤ እሱም ቢሆን የሚቀንሰው ታክስ የሚታሰብበትን ገቢ ነው። ወለዱ በየዓመቱ እያነሰ ስለሚሄድ ይህ ጥቅም ከዓመት ዓመት እየሳሳ ይሄዳል።

ሪፋይናንስ በ2020 እና በ2021 ብዙ ቤተሰብ አድኗል። ሆኖም 6 ዓመት ከፍሎ እንደገና ለ30 ዓመት የሚፈርም ሰው የ36 ዓመት ብድር ይዟል። ወለድ የሚበዛባቸውን የመጀመሪያ ዓመታት ሁለት ጊዜ ይከፍላቸዋል፤ የክሎዚንጉም ወጪ እንደገና ይመጣል። ወለዱ ወርዶ የወሩ ክፍያ ሲያንስ ልዩነቱን መልሶ ወደ ዋናው የሚከት ሰው ግን ከሁለቱም ወገን ይጠቀማል።

ለኪራይ ጠበቃ መቆሜ አይደለም። ኪራይ በየዓመቱ ይጨምራል፤ ሠላሳ ዓመት ተከፍሎም ቁልፉን የሚያስረክቡት ለባለቤቱ ነው። የዛሬው 2,528 ዶላር ደመወዝ ሲያድግና ዶላር ሲረክስ በ25ኛው ዓመት በእጅጉ ይቀላል። ቤቱም ዋጋ ሊጨምር ይችላል። በ2.65 የተበደረ ሰው ዕዳውን ቶሎ ለመክፈል እንዲጣደፍ አልመክረውም። አሠሪው የሚያዋጣለት 401ኬ የሚሉት የጡረታ ቁጠባ ካለው ያንን ይሙላ፤ የክሬዲት ካርድ ዕዳ ካለበት አስቀድሞ እሱን ይዝጋ፤ ለክፉ ቀን የሚሆነውን ይያዝ። ቤት ውስጥ የገባ ተጨማሪ ገንዘብ ሥራ ሲጠፋ በቀላሉ አይወጣምና።

እስራኤል የሚኖሩ ወገኖቻችን የሚይዙት የቤት ብድር፣ ማሽካንታ የሚባለው፣ ደግሞ ሌላ ጥንቃቄ ይፈልጋል። ብድሩ በተለያዩ መስመሮች ተከፋፍሎ ይሰጣል። ከእነዚህ አንዳንዶቹ ከዋጋ ንረቱ መለኪያ ከማዳድ ጋር የተያያዙ ናቸው። እንዲህ ባለው መስመር ወለዱ ዝቅ ብሎ ቢጀምርም ማዳዱ ሲጨምር ዋናው ዕዳ ራሱ ይጨምራል። በየወሩ እየከፈሉ የዕዳው ቁጥር ከፍ ብሎ መታየቱ ከዚህ የተነሳ ነው። ያለ ማዳድ የሚሄደው መስመር ሲጀመር ውድ ይመስላል። የትኛው እንደሚሻል የሚታወቀው ሁለቱን እስከ መጨረሻው ዓመት አስልቶ በማየት ነው።

ከላይ ያሰላሁት የ400 ሺህ ዶላር ብድር የአንድ ወዳጄ ነው። ክሎዚንግ ዲስክሎዠሩ በኢሜይል ሲደርሰው ደውሎ ጠራኝ፤ ወረቀቱን ወጥ ቤት ጠረጴዛ ላይ ዘርግተን ከባለቤቱ ጋር ተቀመጥን። 45 ዓመቱ ነው። አምስተኛውን ገጽ ሁለት ጊዜ አነበበውና ዝም አለ። የጠየቀችው እሷ ናት፦ «ይኼ ሲያልቅ አንተ ስንት ዓመትህ ነው?»

75።

ወደ አሜሪካ በአርባዎቹ ዕድሜ የመጣ ወይም በአርባዎቹ ቤት የሚገዛ ሰው መጀመሪያ ማስላት ያለበት ይህን ነው። ሙሉ ጡረታው በ67 ዓመቱ ነው። በዚያን ጊዜ 22 ዓመት ከፍሎም 188 ሺህ 900 ዶላር ገደማ ይቀርበታል። «እና በጡረታ ገንዘብ ነው 2,528 የምከፍለው?» አለ። «ጋሼ፣ አሁን እየጨመርክ መክፈል ብትጀምር እኮ አትደርስበትም» አልኩትና ስልኬ ላይ አሰላሁለት።

የ15 ዓመት ብድር አማራጭ ነበር። ወለዱ አብዛኛውን ጊዜ ዝቅ ይላል፤ በ6 በመቶ ቢያገኙት የወሩ 3,375፣ ጠቅላላ ወለዱ 208 ሺህ ገደማ ይሆናል። ከ300 ሺህ ዶላር በላይ ያተርፋል፤ ነገር ግን በወር 847 ዶላር ተጨማሪ ግዴታ ነው። እሷ ሥራ ብትፈታ ወይም እሱ ቢታመም ባንኩ አይቀንስላቸውም። ሁለቱም አልደፈሩትም፤ እኔም ልክ ናቸው አልኩ። የ30 ዓመቱን ይዞ በፈቃድ መጨመር ግን ይቻላል። በወር 200 ዶላር ቢጨምሩ ብድሩ 5 ዓመት ከ7 ወር ቀድሞ ያልቃል፤ 112 ሺህ ዶላር ገደማ ወለድ ይቀራል። ልክ በ67 ዓመቱ እንዲያልቅ ከተፈለገ በወር 324 ዶላር ነው። ችግር በመጣ ወር መተው ይቻላል።

ጭማሪው ደግሞ ገና ከጅምሩ ሲገባ ነው የሚበረታው። መጀመሪያው ወር ላይ አንድ ጊዜ 5 ሺህ ዶላር ቢከተት፣ በብድሩ መጨረሻ ከ13 ወር በላይ ክፍያ ይቆርጣል፤ 28 ሺህ ዶላር ያህል ወለድ ያድናል። ያው 5 ሺህ በ25ኛው ዓመት ቢገባ የሚያድነው ጥቂት ነው። በየሁለት ሳምንቱ ግማሽ ግማሽ እያስከፈሉ ብድሩን እናሳጥርላችሁ የሚሉ ድርጅቶችም የሚሠሩት ይህንኑ ነው። 26 ግማሽ ክፍያ በዓመት 13 ሙሉ ክፍያ ስለሚሆን አንድ ወር ይጨመራል። ለዚያ አገልግሎት ክፍያ የሚጠይቅ ካለ ገንዘቡን በራስ እጅ መጨመር ይሻላል።

«324ቱን ዶላር ከቤዝመንቱ ኪራይ እናውጣው» አለች ባለቤቱ። ቤዝመንቱን ለአገር ልጅ ሊያከራዩት ቀድመውም አስበው ነበር። ገንዘቡን ለመኪና አስቦት የነበረው እሱ ትንሽ ተከራከረና «እሺ፣ ግን ባንኩ ለሚቀጥለው ወር ክፍያ አድርጎ ቢይዘውስ?» ሲል ጠየቀ። ጥሩ ጥያቄ ነበር። ተጨማሪው ገንዘብ ሲላክ ለዋናው ብድር መሆኑ ካልተገለጸ አንዳንድ ብድር ሰብሳቢ ድርጅት የመጪው ወር ክፍያ አድርጎ ይመዘግበዋል፤ ያኔ ትርፉ ይቀራል። ድረ ገጹ ላይ «ተጨማሪ ለፕሪንሲፓል» የሚል የብቻው ሳጥን አለ፤ በቼክ የሚከፍል ደግሞ ቼኩ ላይ ይጽፈዋል። ከፈረሙ በኋላ የመጀመሪያውን ክፍያ ሲልኩ 324ቱን ዶላር እዚያ ሳጥን ውስጥ አስገቡ። ሁለተኛው ወር ስቴትመንት ሲመጣ ባለቤቱ የዋናውን ዕዳ ቁጥር ከፊተኛው ጋር በእስክሪብቶ አስተያይታ፣ ከ685 ዶላር በላይ መቀነሱን አይታ ደወለችልኝ።